አሥረኛው ቆርኪ

የቀለም ሱቁ ከፊት ሲያዩት ጠባብ ነው፤ ወደ ውስጥ ግን እንደ ሥራ ፈት ወሬ ይረዝማል። መጨረሻው ላይ፣ ከጣሳዎቹ ክምር ጀርባ፣ አንድ መስኮት ያላት ትንሽ ክፍል አለች። እዚያች ክፍል ውስጥ ሠላሳ ስምንት ዓመት ሙሉ ቀለም ስትቀምም የኖረችውን ሴት በስሟ የሚያውቃት መታወቂያዋ ብቻ ነው። ሰው ሁሉ እትዬ ዓይኔ ይላታል። ስሙን ያወጣችው ራሷ ናት ማለት ይቻላል። ደንበኛ የግድግዳ ፍርፋሪ በወረቀት ጠቅልሎ "እንደዚህ ዓይነት" ሲላት፣ አንዴ ታየውና "ይዘኸው ሂድ፣ ዓይኔ ይበቃኛል" ትላለች። እውነትም ይበቃት ነበር። ናሙና አጠገቡ አስቀምጦ እያስተያየ የሚቀምም ሰው ለሷ ከጎረቤቱ ወረቀት እየገለበጠ እንደሚፈተን ተማሪ ነው።

መለኪያዋ አንድ የለስላሳ ቆርኪ ነው። ባሏ፣ ነፍሱን ይማርና፣ ግድግዳ ቀቢ ነበር፤ በተጋቡ በዓመቱ ለቆርኪው የሽቦ እጀታ አበጅቶ "ማንኪያሽ ይኸው" ብሎ ሰጣት። ነጩን በጣሳ ለክታ በርሜል ውስጥ ትገለብጣለች፣ ከዚያ ቢጫውንም ሰማያዊውንም ቀዩንም በቆርኪዋ እየጨለፈች ትጨምራለች፣ በእንጨት ታማስላለች፣ ታያለች፣ ደግሞ ትጨምራለች። ስንት ቆርኪ እንደጨመረች ብትጠይቋት ትስቅባችኋለች። የቁጥር ነገር ሲነሳ የእትዬ ዓይኔ ሐሳብ ድሮም በመስኮት ይወጣል።

አራተኛ ክፍል እያለች አስተማሪው ሰሌዳ ላይ አንድ ጥያቄ ጻፈ። ሁለት ሠራተኞች በቀን ስድስት ሜትር ግንብ ቢገነቡ፣ አሥር ሠራተኞች ስንት ሜትር ይገነባሉ? ልጆቹ ሁሉ አንገታቸውን ደፍተው ሲጽፉ እሷ እጇን አወጣች። "ግንቡ ምን ቀለም ነው?" ክፍሉ በሳቅ ፈረሰ፤ አስተማሪውም አብሮ ሳቀ። በዚያው ዓመት ትምህርቱን ተወችው። ምክንያቱ ሳቁ ብቻ አልነበረም፣ ቤት ውስጥ የታመመ ሰው ነበር። ብቻ እሷ የምታስታውሰው ሳቁን ነው። ያ ግንብም ርዝመቱ ሳይታወቅ፣ ሳይቀባ፣ ልቧ ውስጥ ቆሞ ቀረ።

ባለፈው ዓመት ማብቂያ ገደማ ዓለም ቢጫ መሆን ጀመረች። መጀመሪያ ላይ፣ እውነቱን ለመናገር፣ ደስ የሚል ነገር ነበር። ጠዋት መስኮቷን ስትከፍት ብርሃኑ የቀኑ አሥራ አንድ ሰዓት ብርሃን ነው። እኩለ ቀንም አሥራ አንድ ሰዓት ነው። መንገዱ፣ የሰው ፊት፣ ገመድ ላይ የተሰጣው አንሶላ፣ ሁሉም ፀሐይ ልትጠልቅ ስትል የሚመስለውን ይመስላል። ከሥራ ስትወጣ በዚያ በማያልቅ አመሻሽ ውስጥ ቀስ እያለች ትራመድና "እርጅና እንዲህ ከሆነ ምን አለው!" ትላለች ለራሷ። አንድ ቀን ግን የነጭ ቀለም ክዳን ከፍታ ስታይ ሻይ የፈሰሰበት መሰላት። ቀኝ ዓይኗን ሸፈነች። ግራውን ሸፈነች። በሁለቱም ሻይ ነው።

"ሞራ ነው፣ እናቴ። አይፍሩ፣ ይነሳል" አለቻት ሐኪሟ። የቀዶ ጥገናው ወረፋ ግን ስምንት ወር ነበር። እትዬ ዓይኔ የቀጠሮዋን ካርድ አጥፋ ቦርሳዋ ውስጥ ከተተችና ለማንም ትንፍሽ አላለችም። ዓይኗ የደከመ እትዬ ዓይኔ ምን ተብላ ልትጠራ ነው? ርቃ ላገባችው ልጇ እንኳን በስልክ "ደህና ነኝ፣ ሰሞኑን ብርሃኑ ራሱ ያምራል" ብላ ዘጋች።

ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነው ይባላል፤ ዓይንም አንዳንዴ እንደዚያው ነው። የምትቀምመው ከትዝታ ነውና፣ የምታስታውሰውን ቀለም ለማግኘት ስትል ቢጫውን ትቀንሳለች፣ ሰማያዊውን ትጨምራለች። ለሷ ልክ ሲመጣ ለሌላው ሰው ሁሉ ወደ ሰማያዊ ሄዷል። መጀመሪያ የመጣው ፀጉር አስተካካዩ ነበር። የወተት ዓይነት ቀለም ነበር ያዘዘው። "እትዬ ሙች፣ ደንበኞቼ መስታወት ውስጥ ሬሳ መስለው እየታዩ ነው፤ አንዱ ራሱን አይቶ ሳይላጭ ወጣ" አለ። ቀጥሎ ለልጇ ክፍል ሮዝ ብላ ወይን ጠጅ የደረሳት እናት መጣች።

ባለሱቁ ሱቁን ከአባቱ የወረሰ፣ እትዬ ዓይኔ በሕፃንነቱ አፍንጫውን የጠረገችለት ሰው ነው። ቃላቱን ሲፈልግ ቆየና "እትዬ፣ እርስዎ ለኔ እናቴ ነዎት" ብሎ ጀመረ። እንዲህ ተብሎ የሚጀመር ነገር ደግ ሆኖ አያውቅም። "ግን ሦስተኛ ከተመለሰ ቆርኪውን ለሌላ ሰው መስጠቴ ነው። እርስዎ ፊት ለፊት ቁጭ ብለው ደንበኛ ያጫውታሉ።"

"ቁጭ ብዬ?" አለች።

"አረፍ ብለው ማለቴ ነው።"

እትዬ ዓይኔ ወደ ክፍሏ ተመልሳ ቆርኪዋን በጨርቅ ወለወለች። ስምንት ወር ብቻ ነበር የቀራት። ቆርኪው አንዴ ከእጇ ከወጣ፣ ዓይኗ ቢመለስም እሱ እንደማይመለስ ታውቃለች። ለመጀመሪያ ጊዜ ፈራች።

በዚያው ሳምንት ጋሽ ሲካፈል መጡ። አርባ ዓመት ሒሳብ አስተምረው ጡረታ የወጡ ሽማግሌ ናቸው። "ሲካፈል" ሲሉ አየሩን በእጃቸው እንደ ዳቦ ይቆርጡት ስለነበር ተማሪዎች ያወጡላቸው ስም ነው፤ አሁን ራሳቸውም ስልክ ሲያነሱ "ሲካፈል ነኝ" ይላሉ።

"እትዬ፣ ቧንቧ ፈንድቶ የሳሎኔን ግድግዳ ግማሹን በላብኝ" አሉ። "ልስኑ ታድሷል። የቀረው ቀለሙ ነው። የዛሬ አሥራ ዘጠኝ ዓመት ለባለቤቴ የቀመሙላት አረንጓዴ።"

"ታዲያ ጋሼ፣ ሁሉንም አንድ ላይ ቢያስቀቡት አይሻልም?"

"አይሆንም። ደህና የቀረውን ግማሽ የቀባችው እሷ ናት። ወንበር ላይ ወጥታ፣ በገዛ እጇ። እሱን አላስነካም።" ቀጥለውም "አዲሱ አሮጌውን እንዲመስል ነው የምፈልገው" አሉ።

ሴትየዋን እትዬ ዓይኔ ታስታውሳታለች፤ ከሁለት ዓመት በፊት የሞተች ቀጭን፣ ተጫዋች ሴት ናት። አረንጓዴውንም ታስታውሰዋለች። ዓይኗን ጨፍና አየችው፣ ከፈተችና ቀመመችው፣ ለሙከራ በትንሽ ጣሳ ሰጠቻቸው።

በሦስተኛው ቀን ጋሽ ሲካፈል ተመለሱ። ባለሱቁ ለምሳ እስኪወጣ ማዶ ቆመው ጠብቀው ነበር፤ ይህን ስታይ ነገሩ ገባት። ከኪሳቸው ሁለት ነገር አወጡ፤ ከድሮው ግድግዳ የረገፈች አንዲት ፍርፋሪና አዲሱ ቀለም የተቀባበት ካርቶን። መስኮቱ ሥር ጎን ለጎን አስቀመጧቸው።

እትዬ ዓይኔ በሠላሳ ስምንት ዓመት ለመጀመሪያ ጊዜ ናሙና አጎንብሳ አየች።

"አንድ ናቸው" አለች።

ሽማግሌው ካርቶኑን ወደ እሷ ገፋ አደረጉት።

"አንድ ናቸው እኮ፣ ጋሼ!"

"አይደሉም፣ እትዬ" አሉ በጣም ቀስ ብለው። "ይሄ ቅጠል ነው። ይሄኛው ባሕር ነው።"

ደጋግማ አየች። ወደ ብርሃኑ አስጠጋቻቸው፣ አራቀቻቸው። ሁለቱም በዚያ በማያልቅ አመሻሽ ውስጥ ተኝተዋል፣ እንደ መንታ። እንባዋ መጣ። ባሏ ሲሞት ያላለቀሰችውን ያህል፣ የተገለበጠ ጣሳ ላይ ቁጭ ብላ አለቀሰች፤ ሞራውንም፣ ወረፋውንም፣ የባለሱቁን ሦስተኛ ጊዜም ነገረቻቸው።

ጋሽ ሲካፈል ሌላ ጣሳ ገልብጠው ትይዩዋ ተቀመጡ። አላጽናኗትም፤ አርባ ዓመት ያስተማረ ሰው የሚያለቅስ ተማሪ ያውቃል። ሲበቃት መሐረባቸውን አቀበሏትና "ባለቤቴ አረንጓዴው የተቀመመ ቀን እዚህ ተቀምጣ አልነበር?" አሉ።

"ነበረች። ትንሽ ሙከራ ስቀምም አጠገቤ ሆና ቆርኪ ትቆጥር ነበር። 'ምን ያደርግልሻል' ስላት 'ልማድ ነው' አለችኝ።"

"እሷ ደረጃ ስትወጣም ትቆጥር ነበር" አሉ፤ ፊታቸው በራ። "ከቆጠረች ጽፋዋለች።"

በማግሥቱ ከባለቤታቸው የስፌት መኪና መሳቢያ ያገኙትን የቀን መቁጠሪያ ቅጠል ይዘው መጡ። ከጀርባው በእርሳስ ተጽፏል፦ ሁለት ጣሳ ነጭ፣ ስድስት ቆርኪ ቢጫ፣ አራት ቆርኪ ሰማያዊ። ከሥሩ "ልቤ የፈለገው ይሄን ነው" ይላል። እትዬ ዓይኔ ጽሑፉን በጣቷ ዳሰሰችው።

"እንግዲህ የኔ ግማሽ ግድግዳ አሥር ጣሳ ነጭ ይፈልጋል" አሉ ጋሽ ሲካፈል። "ቢጫው ስንት ሊሆን ነው?"

የአራተኛ ክፍል ወንበር ሥሯ ተመልሶ መጣ። በጣቷ ቆጠረች። "ከሁለት እስከ አሥር ስምንት ጨምረናል። ስለዚህ ስድስት ላይ ስምንት… አሥራ አራት ቢጫ። ሰማያዊው ደግሞ አራት ላይ ስምንት፣ አሥራ ሁለት።"

"ልክ ነው ይላሉ?" አሏት። እንዲህ ብለው የሚጠይቁት መልሱ ስሕተት ሲሆን ብቻ እንደሆነ ተማሪዎቻቸው ቢኖሩ ይነግሯት ነበር።

እትዬ ዓይኔ ዓይኗን ጨፈነች። ስትጨፍን ሞራ የለም። በሐሳቧ አሥር ጣሳ ነጭ አፈሰሰች፣ አሥራ አራት ቢጫ ጣል ጣል አደረገች፣ አሥራ ሁለት ሰማያዊ አስከተለች፣ አማሰለች። ፊቷን አኮሳተረች።

"አይ፣ ጋሼ! ይሄማ የታጠበ ነገር ነው። ስስ ነው። ሰማያዊውም ቢጫውን ደርሶበታል። በፊት እኮ ቢጫው ይመራ ነበር።"

ጋሽ ሲካፈል ጉልበታቸውን መታ አደረጉ። "አርባ ዓመት እዚህ ስሕተት ላይ ቆሜ ነው የኖርኩት፤ በዓይኑ አይቶ የያዘው ተማሪ ግን አልገጠመኝም! መደመር ቀለሙን ያበላሸዋል። ስለዚህ አንቸኩል። መጀመሪያ ወደ አንድ እንመለስ። ለሁለት ጣሳ ስድስት ቢጫ ነው። አንድ ጣሳ ብቻውን ሲሆንስ?"

"ለሁለት ማካፈል?"

እጃቸው አየሩን ቆረጠ። "ሲካፈል!"

"ሦስት። ሰማያዊው ሁለት።"

"አሁን ቀለሙን ይዩት።"

ዓይኗን ጨፈነች። አንዲት ጣሳ፣ ሦስት ቢጫ፣ ሁለት ሰማያዊ። ያው ነበር፤ ቅጠሉ። "አነሰ እንጂ ቀለሙ ያው ነው" አለች።

ሽማግሌው መስኮቱን እያዩ ቆዩ። "እኔም ብቻዬን ስቀር ሌላ ሰው የምሆን መስሎኝ ነበር" አሉ። "አነስኩ እንጂ… ያው ነኝ።"

እሷም ስለ ባሏ አሰበች፤ ስለ ሽቦው እጀታ። ከዚያ ድንገት "አንዱ ሦስት ከሆነ አሥሩ አሥር ጊዜ ሦስት ነዋ! ሠላሳ ቢጫ። ሃያ ሰማያዊ" አለችና አፏን ያዘች። "ሠላሳ ሜትር!"

"የምን ሜትር?"

የግንቡን ነገር ነገረቻቸው። ጋሽ ሲካፈል አልሳቁም። "ጥሩ ጥያቄ ነው" አሉ። "እኔን ጠይቆኝ የሚያውቅ ተማሪ የለም። ምን ቀለም ነበር?"

"እስካሁን አላወቅሁም" አለች።

ያን ሳምንት እትዬ ዓይኔ ከቁጥር ጋር ዋለች ብንል ማጋነን አይሆንም። አውቶቡስ ውስጥ ሁለት ወንበር ላይ ስድስት ሰው ተጨናንቆ ስታይ አምስት ወንበር ላይ ስንት ሊታጨቅ እንደሚችል አስባ ሳቀች። ሱቅ ውስጥ የሦስት ሳሙና ዋጋ ሲነግሯት ለሦስት አካፍላ የአንዱን አወቀች። እሑድ ከምሳ በኋላ ሶፋዋ ላይ ጋደም ብላ እንቅልፍ ሸለብ ሲያደርጋት፣ አሥር ሠራተኞች ረጅም ግንብ ሥር ተደርድረው አየች፤ ድንጋዩን እንደ ትራስ ቀለል አድርገው ይቀባበላሉ። ርዝመቱን በእርምጃዋ ለካችው፣ ልክ ሠላሳ ሜትር ነው። "ምን ቀለም እንቀባው?" አሏት፤ እሷ መልስ ስትፈልግ ነቃች። መስኮቱ ላይ ያው ቢጫ አመሻሽ ቆሟል። አልከፋትም።

ቅዳሜ ጠዋት ጋሽ ሲካፈል ትንሿ ክፍሏ ውስጥ ቆመው እያዩ፣ እሷ አሥር ጣሳ ነጭ በርሜሉ ውስጥ አፈሰሰች። ሃያውን ሰማያዊ ቆጥራ ጨመረች። ከዚያ ቢጫውን ጀመረች፤ አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት። ዘጠኝ ካለች በኋላ አሥረኛውን ጨለፈች፣ በርሜሉ አፍ ላይ ስትደርስ እጇ ቆመ፤ ቆርኪውን መልሳ ቢጫው ጣሳ ውስጥ ገለበጠችው።

"ምነው እትዬ?" አሉ ሽማግሌው።

እሷም ደነገጠች። እጇን እንደ ሌላ ሰው እጅ አየችው። እጇ ይህን ሲያደርግ የኖረው ስንት ዓመት ነው? የቆየ አረንጓዴ የሚያስጠግን ደንበኛ በመጣ ቁጥር፣ ሳትቆጥር፣ ሳታስብ፣ ከየአሥሩ ቢጫ አንዱን ቆርኪ ትመልሳለች። ባሏ ነበር ያስለመዳት።

"ጋሼ" አለች፣ ድምጿ ጠንከር ብሎ። "ሠላሳው የዛሬ አሥራ ዘጠኝ ዓመት ልክ ነው። ባለቤትዎ የጻፈችው ትኩሱን ነው። ግድግዳው ግን አርጅቷል። ቢጫ ከግድግዳ ላይ ቀድሞ የሚሸሽ ቀለም ነው፤ ያን ያህል ዓመት የቆመ አረንጓዴ ከአሥሩ አንዱን አጥቷል። አሁን እኔ ልጠይቅዎት። ከአሥር አንድ ከሸሸ ከሠላሳው ስንት ይሸሻል?"

ጋሽ ሲካፈል ሳያስቡት እጃቸውን ከጎናቸው አድርገው ቀጥ ብለው ቆሙ። "ሦስት። ሃያ ሰባት ይቀራል።"

"ልክ ነው ይላሉ?" አለቻቸው፤ ሁለቱም ሳቁ።

ሃያ ሰባት ላይ አቆመች፣ አማሰለች፣ አየች። አስጠላት። ለሷ ዓይን የበሽተኛ ፊት ይመስላል፣ ቢጫው ገንፍሎ። ሰማያዊው ጣሳ አጠገቧ ተከፍቶ ቆሟል፤ አንድ ቆርኪ፣ ግማሽ ቆርኪ ብቻ… እጇ ተነሳ። ሠላሳ ስምንት ዓመት ያልዋሻትን ዓይን አለማመን ቀላል አይደለም። የሰማያዊውን ክዳን አንስታ ገጠመችው፣ በመዶሻ ዙሪያውን መታችው፣ ፊቷን ወደ መስኮቱ አዞረች።

ከሰዓት በኋላ ጋሽ ሲካፈል ቤት ሄዳ ራሷ ቀባችው። ሮለር አልተጠቀመችም፤ ሴትየዋ እንዳደረገችው ወንበር ላይ ወጥታ በብሩሽ ቀባች። እርጥብ ቀለም ይዋሻል፤ ስለዚህ ማንም ምንም ሳይል ሰኞን ጠበቁ።

ሰኞ ጠዋት ባለሱቁን "ና፣ ሦስተኛውን ሥራዬን አሳይሃለሁ" ብላ ይዛው ሄደች። ቆርኪዋ ቦርሳዋ ውስጥ ነበር። መንገድ ላይ ምን እንደሚላት ብቻ ታስብ ነበር፤ እሷ ግድግዳውን አይታ ማወቅ አትችልምና።

ባለሱቁ ሳሎኑ መሃል ቆሞ ግድግዳውን አየ። ቀረበ። ራቀ። የስልኩን መብራት አብርቶ ከጥግ እስከ ጥግ ሄደ።

"እትዬ" አለ በመጨረሻ፣ "ድንበሩ የቱ ጋ ነው?"

"አላውቅም" አለች። "እኔ ከመጀመሪያውም አይታየኝም። ዓይኔ ሞራ ይዞታል፣ ልጄ። ወረፋው ስምንት ወር ነበር፣ አሁን ሰባት ከግማሽ ቀርቶታል።"

ባለሱቁ ዞሮ አያት። "ታዲያ ይሄን በምን ቀመሙት?"

"በማካፈልና በማባዛት።"

ቆርኪውን አውጥታ ዘረጋችለት። ባለሱቁ አልተቀበላትም። ይልቅ የስልኩን መብራት አጥፍቶ ጽሑፍ መጻፊያውን ከፈተ፤ ዓይኑ ቀልቶ ነበር። "ለአንድ ጣሳ ስንት ስንት ነው?" አለ። "እርስዎ ይንገሩኝ፣ እኔ ልጻፈው።"

ያን ጊዜ ነው ጋሽ ሲካፈልን ያስተዋለቻቸው። መዳፋቸውን ግድግዳው ላይ አሳርፈው በዝግታ ይሄዳሉ፤ ጫፍ ሲደርሱ ይመለሳሉ። የሆነ ነገር እየፈለጉ ነው። ምን እንደሚፈልጉ ገባት። ሥራዋን ለማትረፍ ስትል የሰውየውን ሚስት እጅ ከዓይናቸው ሰወረችባቸው።

"ጋሼ… አጠፋሁብዎት እንዴ?"

ሽማግሌው መሃል ላይ ቆሙ። ግንባራቸውን ወደ ግድግዳው አስጠጉ። "የቱ የሷ እንደሆነ ጠፋኝ" አሉ። ከዚያ ዞረው የባለቤታቸውን ወንበር፣ ቧንቧው ከፈነዳ ወዲህ ጥግ ተገፍቶ የቆየውን፣ ጎትተው አመጡ።

"ይሁን" አሉ። "አሁን ሁሉም የሷ ነው።" ወንበሩን መሃል ላይ አድርገው ተቀመጡበት።